ዐም ፈድል በሩ የጠፋቸው ቀን

ዛሬ ከሼክ ዑስማን ወደ ክሬተር ከመመለሴ በፊት ጉሮሮዬን ላርጥብ ብዬ ሀሽሚ ገበያ ውስጥ ካለች አንዲት ጭማቂ ቤት ጎራ አልኩ። ሙቀቱ ገና በጠዋቱ ሰውን እንደ እርጥብ ጨርቅ ይጨምቀው ነበር። ጥጉ ላይ ከፍ ብሎ የተሰቀለው ቴሌቪዥን የዱሮ ሙሰልሰል ያሳያል፤ ተከታታይ ድራማን እዚህ የመን፣ ኤደን ውስጥ እንዲያ ነው የምንለው። የሚያየው ሰው የለም። ሁሉም አንገቱን ስልኩ ላይ ደፍቷል። እኔም የሎሚ ጭማቂዬን ተቀብዬ ልዞር ስል ዐይኔ እግረ መንገዱን አረፈበት። ቀለሙ የወየበ ሥዕል፣ አንድ ትልቅ የእንጨት በር፣ በሩን የሚከፍቱ ሽማግሌ። «አህለን፣ ጌታው ውስጥ ናቸው» አሉና ከሥዕሉ ወጡ።

አራት ሰከንድ ቢሆን ነው። ብርጭቆውን እንደያዝኩ ባለሁበት ቀረሁ። ዐም ፈድል ነበሩ።

እኔ ተዋናይ ነኝ ብል የሚስቅ አይጠፋም። ፖስተር ላይ ፎቶዬ ወጥቶ አያውቅም። ግን ከሃያ ዓመት በላይ በኤደን የረመዳን ድራማዎች ውስጥ ገብቼ ወጥቻለሁ፤ ገረድ ሆኜ፣ ጎረቤት ሆኜ፣ ሆስፒታል ኮሪደር ላይ የምታለቅስ ሴት ሆኜ። ሰዎች መንገድ ላይ ያውቁኛል፤ ከየት እንደሚያውቁኝ ግን አያውቁም። አንዷ የልጇ አስተማሪ አድርጋኝ ስለ ፈተና ውጤት ጠይቃኛለች። ሌላው ባለፈው ዓመት የሞተች አክስቱን መስዬው አጎንብሶ ሳመኝና ደንግጦ ተመለሰ። ይሄ ለኔ ዓይነቱ ተዋናይ ክብር ነው። ይሄን ያስተማሩኝ ደግሞ እኚያ በሩን የከፈቱት ሰው ናቸው።

ኤደን የገባሁት በአሥራ ዘጠኝ ዓመቴ ነው። ከከሚሴ አካባቢ ተነስተን፣ በጅቡቲ በኩል ባሕሩን በጀልባ ተሻግረን፣ ከሉባባ ጋር። ሉባባ ከኔ በሦስት ዓመት ትበልጠኛለች፤ ጀልባው ላይ ሳስመልስ ግንባሬን የያዘችልኝ እሷ ነበረች። እሷ ሼክ ዑስማን አንድ ነጋዴ ቤት ሥራ አገኘች፤ እኔ ክሬተር፣ ያ ጥቁር ተራራ እንደ ጎድጓዳ ሳህን ጠርዝ ከከበበው አሮጌ ሰፈር፣ ዐም ፈድል ቤት። ዐም ማለት አጎት ማለት ነው። ሰፈሩ ሁሉ እንደዚያ ይጠራቸው ነበር፤ እኔም ጠራኋቸው። ባለቤታቸው ኻላ ነጂያ፣ አክስት ነጂያ እንደማለት ነው፣ ጉልበታቸውን ስለሚያማቸው ደረጃ መውጣት መውረዱ የኔ ሥራ ሆነ።

ዐም ፈድል ዕድሜያቸውን ሁሉ ወደቡ ላይ ጸሐፊ ነበሩ። ከእንግሊዞቹ ዘመን የቀሩ ቃላት ከአፋቸው አልጠፉም፤ ጓዳውን «ስቶር»፣ የሚኒባሱን ሹፌር «ደሪወል» ይሉ ነበር። ከሥራ ውጭ ባለው ጊዜያቸው ግን ቴአትር ይሠራሉ፤ ቴሌቪዥን ሲመጣም ወደዚያ ገቡ። አንድም ቀን ዋናውን ሰው ሆነው አያውቁም። የቃዲው ጸሐፊ፣ ሙሽራይቱን የሚከለክል አጎት፣ በሦስተኛው ክፍል የሚሞት ጎረቤት። አንድ ጊዜ አንዲት ዐረፍተ ነገር ብቻ ያለችው ዓሣ ሻጭ እንዲሆኑ ተሰጣቸው። ለዚያች ዐረፍተ ነገር ሦስት ጠዋት ሲራ ዓሣ ገበያ ሄደው ቆመው ዋሉ። ሲመለሱ ሸሚዛቸው ዓሣ ዓሣ እየሸተተ፣ «ያ ቢንቲ» አሉኝ፤ ልጄ ማለታቸው ነው፤ «ዓሣ ሻጭ ገዢውን አያይም። ሚዛኑን ነው የሚያየው።» ድራማው ሲተላለፍ ተመለከትኩ። እውነትም ዐይናቸውን ከሚዛኑ አላነሱም፤ ዋናው ተዋናይ አጠገባቸው ቆሞ ሲለፈልፍ እኔ የማየው እሳቸውን ብቻ ነበር።

ዐይናቸው እየከዳቸው መሆኑን ያወቅኩት በሻይ ነው። ጠዋት ጠዋት ኸሚር የሚባለውን ያበጠ ቂጣ በዘይት ጠብሼ፣ ሄል የገባበት የወተት ሻይ አቀርብላቸዋለሁ። አንድ ቀን ከቴርሞሱ ሲቀዱ ሻዩ ከብርጭቆው ጎን፣ ምንጣፉ ላይ ፈሰሰ። እጃቸው አልተንቀጠቀጠም፤ ዝም ብለው ይቀዳሉ። እኔ ጮኽኩ፤ ኻላ ነጂያ ጣታቸውን ከንፈራቸው ላይ አደረጉ። ስኳር በሽታው ነበር። የሚያዩት ጥላ ብቻ ነው፤ ሰውን ከአልጋ የሚለዩት በቅርጹ ነው።

«ሙኽሪጁ ካወቀ አለቀልኝ» አሉ ዐም ፈድል። ሙኽሪጅ የድራማው አዘጋጅ ነው። በዚያ ዓመት በሕይወታቸው ትልቁን ሚና አግኝተው ነበር፤ የአንድ ሀብታም ቤት በር ጠባቂ። አሁንም ትንሽ ሚና ነው፤ ግን ከመጀመሪያው እስከ ሠላሳኛው ክፍል በየቀኑ አለ። «በየቀኑ የሚከፈት በር» ብለው ሳቁ።

ስለዚህ እንዲህ አደረግን። ኻላ ነጂያ ጽሑፉን ጮክ ብለው ያነባሉ፤ ዐም ፈድል ተጋድመው ይሰማሉ፤ እኔ ልብስ እየተኮስኩ እሰማለሁ። የዐረብኛ ፊደል አላውቅም ነበር፤ ጆሮዬ ግን ስፖንጅ ነበር። በሳምንቱ የበር ጠባቂውን ብቻ ሳይሆን የሁሉንም ንግግር በቃሌ ያዝኩ። ቀረጻው ሲጀመር መድኃኒታቸውን የምይዝ ረዳት ተብዬ አብሬ ሄድኩ። ማንም ከመምጣቱ በፊት የሚቀረጽበትን ቤት በእግሬ እለካለሁ። ከወንበሩ እስከ በሩ ሰባት እርምጃ፣ ከደረጃው እስከ ግቢው የውሃ ጉድጓድ አሥራ አንድ። በጆሯቸው እነግራቸዋለሁ፤ እሳቸው ካሜራው ፊት እንደ ባለ ሙሉ ዐይን ይሄዳሉ።

በድራማው ውስጥ አንዲት ሀበሻ ገረድ ነበረች። የምትሠራት የኤደን ልጅ ናት፤ ፊቷን ቡናማ ቀለም ቀብተዋት፣ ዐረብኛውን ሰባብራ ስትናገር የመብራት ሠራተኛው ሳይቀር ሆዱን ይዞ ይስቃል። ገረዷ ስም የላትም፤ «ሀበሺያ» ነው የምትባለው። እኔ ጥግ ላይ የዐም ፈድልን ቴርሞስ አቅፌ ቆሜ ፊቴ ይግል ነበር። ሳቁ በመሬቱ መጥቶ የሚነካኝ ይመስለኝና እግሬን አነሳለሁ።

በአምስተኛው ቀን ቀለሙ የልጅቷን ፊት አሳክኮ አሳበጠው። ሐኪም ቤት ወሰዷት። ሙኽሪጁ ወጣት፣ ቁጡ፣ እንቅልፍ ያጣ ሰው ነበር። ወዲያ ወዲህ አየና ዐይኑ እኔ ላይ አረፈ።

«አንቺ ሀበሺያ፣ ነይ። ላንቺ ቀለም አያስፈልግም» አለ። ሁሉም ሳቀ።

«አልችልም» አልኩት።

«ካልቻልሽ ከነገ ጀምሮ እዚህ እንዳትመጪ። ሥራ የሌለው ሰው ቦታዬን ሞልቶታል።»

እኔ ካልመጣሁ እርምጃውን ማን ይቆጥራል? በሚኒባስ ስንመለስ ዐም ፈድል ፊታቸውን ወደ መስኮቱ አዙረው፣ «ለኔ ብለሽ አታድርጊው» አሉኝ። ለእርስዎ ብዬ ነው አልኳቸው። ግማሹ እውነት ነበር። ሌላው ግማሽ ግን እዚያ መብራት ሥር መቆም ፈልጌ ነበር። ይሄን ለራሴ ለማመን ብዙ ዓመት ፈጅቶብኛል።

ትዕይንቱ እንዲህ ነው። የእመቤቲቱ የወርቅ አምባር ጠፋ፤ ገረዷ ተጠረጠረች፤ ተንበርክካ ታለቅሳለች። እኔ የክሬተር ሴቶች የሚናገሩትን ዐረብኛ ነበር የምናገረው፤ ሙኽሪጁ አቋረጠኝ። «ስበሪው! ማን እንዲህ ያወራል?» አለ። ሰበርኩት። «አና ማፊ ሰሪቅ! እኔ ሌባ የለም!» እያልኩ ደረቴን ደቃሁ፣ አፍንጫዬን በሻሼ ጠረግኩ፣ ተንከባለልኩ። ሳቁ ግድግዳውን አናወጠው። ሲያበቃ አጨበጨቡልኝ። ልዋሽ አልችልም፤ ጭብጨባው ጣመኝ። ዐም ፈድል ብቻ በሩ አጠገብ ቀጥ ብለው ቆመዋል። አልሳቁም፤ ምንም አላሉኝም።

ረመዳን ገባ። ወሩ በዚያ ዓመት በቀዝቃዛው ወቅት ነበር የዋለው፤ ከባሕሩ ለስላሳ ነፋስ ይመጣል፤ ከዐሥር ሰላት በኋላ ከየቤቱ የሰምቡሳና የሾርባ ሽታ ይወጣል። ድራማው ከፍጡር በኋላ፣ ሰው ጾሙን ፈትቶ ሲቀመጥ ይተላለፋል፤ ቀረጻውም አላለቀም ነበር፤ የመጨረሻዎቹን ክፍሎች እየጾምን እንሠራለን። የኔ ትዕይንት በተላለፈ ማግስት ጁምዓ ሆነና ሼክ ዑስማን ወረድኩ። የወሎ ልጆች በየጁምዓው ሉባባ ከሌሎች ጋር በተከራየቻት አንዲት ክፍል ውስጥ እንሰበሰባለን። እየሮጥኩ ነበር የሄድኩት፤ ሊያወድሱኝ መስሎኝ።

ስገባ ወሬው ቆመ። ሰላምታዬን የመለሱልኝ በግማሽ አፍ ነው። ሉባባ ልብስ ታጣጥፍ ነበር፤ ቀና አላለችም።

«አየሽኝ?» አልኳት።

«አየሁሽ።»

«እና?»

ልብሱን አስቀመጠች። «ዛሬ ጠዋት የቤቱ ልጆች ምን እያሉ እንደተከተሉኝ ታውቂያለሽ ዘሀራ? አና ማፊ ሰሪቅ እያሉ። ስጠርግ አና ማፊ ሰሪቅ፣ ሳጥብ አና ማፊ ሰሪቅ። እሺ፣ ልጆች ናቸው። እናታቸው ግን ድራማው ሳያልቅ ተነስታ ወርቋን ቆለፈች። እያየኋት። ሦስት ዓመት ሠርቼላት፣ ወላሂ፣ እያየኋት።»

«ሉባባ፣ እኔኮ የተጻፈውን ነው...»

«ያቺ ቀለም የተቀባችው ስትስቅብን ታግሠናል። አታውቀንም። አንቺ ግን ታውቂናለሽ። ሂጂ በቃ፤ ዛሬ ሂጂልኝ።»

ሄድኩ። ከሼክ ዑስማን እስከ ክሬተር ሚኒባሱ ውስጥ ፊቴን በኒቃቤ ሸፍኜ አለቀስኩ። ቤት ስገባ ዐም ፈድል ከእርምጃዬ አወቁ። «ምን ሆንሽ?» አሉ። ነገርኳቸው። 

«ጥፋቱ የኔም ነው» አሉ። «ካንቺ ዐይን ተበድሬ እየሄድኩ፣ አንቺን ምን እንደሚያሠሩሽ እያወቅኩ ዝም አልኩ።»

አንድ ትዕይንት ቀርቶኝ ነበር። አምባሩ ከአልጋው ጀርባ ወድቆ ይገኛል፤ በር ጠባቂው «ወርቁ ተገኘ» ብሎ ይወጣል፤ ገረዷ በደስታ ዘላ የእመቤቷን እጅ ትስማለች፤ አለቀ። ሙኽሪጁን ለመንኩት። እጅ አልሳም፤ አንድ ነገር ብቻ ልናገር፤ አንዲት ቃል። «ሰው ጾሙን ፈትቶ የሚያየው ሊስቅ ነው» አለኝ። «ሂጂ ተዘጋጂ።»

የመጨረሻው ቀን ነበር። ቤቱን በነጋታው ለባለቤቱ እናስረክባለን። ጄኔሬተሩ ሁለት ጊዜ ቆሞብን ሰዓቱ ሄዷል፤ መግሪብ፣ የጾም መፍቻው ሰዓት፣ ሊደርስ ነው፤ ሁሉም ጠምቶታል፣ ሁሉም ቁጡ ነው። እኔ ሆድ ብሶኝ ስለነበር እርምጃውን ለዐም ፈድል መንገሩን ረሳሁት። እንዲያውም ለካሜራው ሲሉ ወንበሩን አዙረውት ነበር፤ ያንንም አላልኳቸውም። ትዝ ያለኝ መብራቱ ሁሉ በርቶ፣ ሙኽሪጁ «ጀምሩ» ካለ በኋላ ነው።

ዐም ፈድል «ወርቁ ተገኘ» አሉ። ድምፃቸው እንደ ሁልጊዜው የተረጋጋ ነው። አሁን መዞር፣ መውጣት ነበረባቸው። አልዞሩም። ቆሙ። እጃቸው በትንሹ ወንበሩን ፈለገ፤ ወንበሩ የለም።  በሩ እንደጠፋቸው ገባኝ፤ መጮኽ ግን አልችልም።

ያኔ ፊታቸውን ትንፋሼ ወደሚሰማበት አዞሩ።

«ልጄ» አሉ፣ «ይሄን ያህል ጊዜ በአንድ በር ስንወጣ ስንገባ ስምሽን ጠይቄሽ አላውቅም። ስምሽ ማነው?»

ይሄ ጽሑፉ ውስጥ የለም። ጽሑፉን ከማንም በላይ አውቀዋለሁ፤ የለም። እመቤቲቱን የምትሠራው ሴት ዐይኗን አፈጠጠች። ሙኽሪጁ አፉን ከፈተ። እኔ ከተንበረከክሁበት ተነሳሁ።

«ዘሀራ» አልኩ። «ዘሀራ ሰይድ አራጋው።» ዐረብኛውን አልሰበርኩትም። «አባቴ የሰው ገለባ ነክቶ የማያውቅ ገበሬ ነው። ወርቁ ከአልጋው ጀርባ ነበር። እኔ ግን የት እንደነበርኩ ማንም አልጠየቀኝም። እጅ አልስምም። ይቅርታ ጠይቁኝ።»

 የጄኔሬተሩ ድምፅ ብቻ ይሰማል። እመቤቲቱን የምትሠራው ሴት በሙያው የታወቀች ናት፤ እኔን በሁለት ቃል ልታጠፋኝ ትችል ነበር። ዐይኗ እንባ ሞላ። አምባሩን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠችና ቀስ ብላ «ሳሚሒኒ» አለች። ይቅር በይኝ። በዚያው ቅጽበት የመግሪብ አዛን ተሰማ። ካሜራው ቆመ።

ሙኽሪጁ ጮኸ። ጉሮሮው እስኪነቃ ጮኸ። ማን ፈቀደላችሁ፣ ማን ናችሁ አለ። ዐም ፈድል እስኪጨርስ ጠበቁትና፣ ሁሉም እየሰማ፣ «ጥፋቱ የሷ አይደለም» አሉት። «እኔ አላይም። ከጀመርን ጀምሮ አላየሁም፤ በሷ ዐይን ነው የሄድኩት። ዛሬ በሩ ጠፋኝ።»

ከዚያ በኋላ ማንም አልጮኸም። ሙኽሪጁ ራሱ በእጁ ቴምር አቀረበላቸው። ደግሞ ለመቅረጽ ጊዜ አልነበረም፤ መብራቱም፣ ቤቱም፣ ሰውም አልቋል። ትዕይንቱ እንዳለ ተላለፈ። ግን ዐም ፈድልን ከዚያ ቀን በኋላ የጠራቸው የለም። እንደማይጠራቸው እያወቁ ነበር የተናገሩት።

ሾርባችንን እየጠጣን በሹክሹክታ ጠየቅኳቸው። «አስበውበት ነው? ወይስ በሩ ስለጠፋዎት ነው?»

«ወላሂ ጠፍቶኝ ነው» አሉ እየሳቁ። «ቀኙ ይሁን ግራው ዞሮብኝ ነበር። ቆሜ እንጨት ከምሆን ለሌላው ሰው የሆነ ነገር ልስጠው አልኩ። መውጫ ሲጠፋሽ ለሌላው መግቢያ ክፈቺለት፤ ሥራችን ይኸው ነው።»

ትዕይንቱ በተላለፈ በሦስተኛው ቀን ከሰዓት በኋላ በራችን ተንኳኳ። ሉባባ ናት፤ ክሬተር መጥታ አታውቅም ነበር። በላስቲክ የጠቀለለችውን ሰምቡሳ ሰጠችኝና ደረጃው ላይ ቁጭ አለች።

«እመቤቴ ትናንት ስሜን ጠየቀችኝ» አለች። «እስከ ዛሬ ‹ያ ቢንት›፣ ‹አንቺ ልጅ› ነበርኩ። ሉባባ አልኳት። ሁለት ጊዜ ደገመችው፤ አፏ ላይ አልቀና ብሏት።»

«ወርቋንስ?»

«ወርቋንማ አሁንም ትቆልፋለች» አለችና ሁለታችንም እንደ ድሮአችን ሳቅን። ከዚያ ጭንቅላቷን ትከሻዬ ላይ ጣል አደረገች። ዛሬ ኮምቦልቻ ነው ያለችው፤ ልጆቿን ድራለች። በየዒዱ እንደዋወላለን።

በቀጣዩ ዓመት ያው ሙኽሪጅ አስጠራኝ፤ ሥራው እንዲያ ቀጠለ። ዐም ፈድል ስድስት ዓመት ኖሩ። በመጨረሻ ጥላውንም አያዩም ነበር፤ ግን እኔ ያለሁበት ድራማ ሲተላለፍ ቴሌቪዥኑ ፊት ተቀምጠው ይሰሙኛል። «ዛሬ ቸኮልሽ» ይሉኛል። ወይም፣ «እዚያ ጋ ዝም ያልሽው ጥሩ ነው።» ከሞቱ በኋላ እንዲያ የነገረኝ ሰው አላገኘሁም። ጦርነቱ መጣ፤ ብዙ ሰው ሄደ፤ እኔ ቀረሁ። ለምን እንደቀረሁ ሲጠይቁኝ የምመልሰው በየጊዜው ይለያያል።

ጭማቂ ቤቷ ውስጥ ድራማው አልቆ ዜና ተተካ። ለሰዎቹ ልነግራቸው ከጅሎኝ ነበር፤ እኚያ አሁን በሩን የከፈቱት ሰው ያኔም አያዩም ነበር ብዬ። ተውኩት። ሰዎቹ አለማወቃቸው የዐም ፈድል ድል ነው። ወጥቼ የክሬተርን ሚኒባስ ያዝኩ፤ ቤት ገብቼ የነገውን ጽሑፍ አወጣሁ። ፊደሉን ከተማርኩ ቆይቻለሁ። ነገ አዋላጅ ነኝ፤ ሦስት ዐረፍተ ነገር ተሰጥቶኛል። ሁለቱ የኔ ናቸው፤ ያለ ብዙ ጣጣ ይወጡልኛል። ሦስተኛው ምጥ የያዛትን ሴት «ንገሪኝ፣ ምን ይሰማሻል?» የምልበት ነው። እሷን የምትሠራው ልጅ አዲስ ናት፤ ትፈራለች፤ እንዴት አድርጌ ብጠይቃት እንደምትመልስልኝ ገና አላወቅኩም። እስከ መግሪብ ደጋግሜ የተለማመድኩት እሱን ነው።